ኳሱ ለሜዳ፣ ሙያው ለዕድሜ
(ለመስጊዳችን ወጣቶችና ወላጆች የተደረገ ንግግር)

በአላህ ስም እጀምራለሁ። ምስጋና ሁሉ ለአላህ (ሱ.ወ.) የተገባ ነው። ሶላትና ሰላም በነቢያችን ሙሐመድ (ሰ.ዐ.ወ.)፣ በቤተሰቦቻቸውና በባልደረቦቻቸው ላይ ይሁን።



የመስጊዳችን ኮሚቴ ለወጣቶች አንድ ነገር እንድናገር ሲጋብዘኝ፣ ስለ ሶላት ወይም ስለ ወላጅ ሐቅ እንደምናገር ሳትጠብቁ አልቀራችሁም። ስለ እነዚህ ጉዳዮች ከእኔ እጅግ የሚሻሉ ዑለማዎች አሉን። እኔ የመረጥሁት ስለ እግር ኳስ መናገርን ነው። አንዳንዶቻችሁ ፈገግ እንደምትሉ፣ አንዳንዶቻችሁም ግንባራችሁን እንደምትቋጥሩ አውቃለሁ። ነገር ግን ጉዳዩ የልጆቻችን ጉዳይ ስለሆነ እስከ መጨረሻው ታግሣችሁ እንድታደምጡኝ እለምናለሁ።

ነገሩን ያነሣሁት በሁለት አባቶች ምክንያት ነው። ሁለቱም የማውቃቸው፣ ሁለቱም ልጃቸውን የሚወዱ ናቸው። የመጀመሪያው አባት ልጁ ከቁርኣን ትምህርት እየቀረ ሜዳ ሲውል ቢያገኘው፣ ኳሱን በቢላዋ ቀዶ ከደጃፉ ወረወረው። ልጁ ከዚያ ቀን ጀምሮ ኳሱን አልተወም፤ የተወው ከአባቱ ጋር መነጋገርን ነው። ሁለተኛው አባት ደግሞ ልጁ ጎበዝ አጥቂ ነው ሲባል ሰምቶ፣ «ክለብ አስገባዋለሁ» ላለው ደላላ ብሎ በሬውን ሸጠ። ልጁ ትምህርቱን ከዘጠነኛ ክፍል አቋርጦ ሄደ። ዓመት ሳይሞላው ጉልበቱን ተጎድቶ ተመለሰ። ደላላው የለም፤ በሬውም የለም፤ ልጁም የሚሠራው ሙያ አልነበረውም።

እነዚህ ሁለት አባቶች የተለያየ ነገር የሠሩ ይመስላሉ። እኔ እንደሚታየኝ ግን የተሳሳቱት በአንድ ነገር ነው። አንዱ ኳስን እንደ ጠላት፣ ሌላው እንደ ሲሳይ ምንጭ አየው። ሁለቱም ኳስን ከልጁ አስበለጡት። እንግዲህ ዛሬ የምነግራችሁ የአንድ ተጫዋች ሕይወት በእነዚህ በሁለቱ መካከል ያለውን መንገድ ያሳየናል ብዬ አምናለሁ።

ከዚያ በፊት አንድ ነገር ላስቀድም። እኔ የፊቅህ ብይን ለመስጠት አልቆምሁም፤ እሱ የዑለማዎቻችን ድርሻ ነው። ሆኖም ነቢያችን (ሰ.ዐ.ወ.) ከእናታችን ከዓኢሻ ጋር በእግር ሩጫ መሽቀዳደማቸውን ሁላችንም ስንማር አድገናል። በዒድ ቀን በመዲና በመስጊዳቸው ውስጥ ጦርና ጋሻ ይዘው ሲጫወቱ የነበሩት ሰዎች ደግሞ ሐበሾች ነበሩ። ነቢያችን አልከለከሏቸውም፤ ይልቁንም እናታችን ዓኢሻ ከጀርባቸው ሆና እስኪበቃት ድረስ እንድታይ ከለሏት። እንግዲህ በጨዋታ ሰውነትን ማጠንከር ለእኛ ለሐበሻ ሙስሊሞች እንግዳ ነገር አይደለም። ጥያቄው ጨዋታው መቼ፣ ከማን ጋር፣ ለምን ዓላማ የሚለው ነው።

አሁን ወደ ታሪኩ ልግባ። ታሪኩ ከፍኖተ ሰላምና ከቡሬ ርቆ በአስመራ ይጀምራል፤ ሲያልቅ ግን ወደ እኛ ሜዳ ይመለሳል። ሰውየው ሉቻኖ ቫሳሎ ይባላል። ሙስሊም አልነበረም። መልካም ትምህርት ግን ከየትም ቢገኝ ይወሰዳል።

ሉቻኖ የተወለደው በነሐሴ 1927 ዓ.ም. በአስመራ ነው። ኢጣሊያ ኢትዮጵያን ለመውረር ድንበር የተሻገረችው እሱ ሁለት ወር ሳይሞላው ነበር። አባቱ ኢጣሊያዊ ወታደር፣ እናቱ ኤርትራዊት ናቸው። በዚያ ዘመን እንደዚህ ያለ ልጅ ሆኖ መወለድ ቀላል ነገር አልነበረም። የፋሺስት መንግሥት እ.ኤ.አ. በ1940 ባወጣው ሕግ፣ ኢጣሊያዊ አባት ከአገሬው ሴት የወለደውን ልጅ ልጄ ብሎ እንዳይቀበል ከልክሎ ነበር። ስለዚህ ክልስ የሚባሉት ልጆች ነጩ «የእኛ አይደለህም»፣ ጥቁሩም «የእነሱ ነህ» እያለ ከሁለት ወገን የሚገፏቸው ሆኑ። ሉቻኖና በአምስት ዓመት የሚያንሰው ወንድሙ ኢታሎ ያደጉት በእናታቸው እጅ፣ በችግር ነው።

እዚህ ላይ ልብ በሉልኝ። ልጁ ኳስ ይወድ ነበር፤ ጎበዝም ነበር። ነገር ግን ከኳሱ ጋር አብሮ የያዘው ሌላ ነገር ነበር። እሱም የመካኒክነት ሙያ ነው። ገና በወጣትነቱ እጁ ከብረትና ከቅባት ጋር ተዋወቀ። ቀን በሥራ፣ ከሥራ በኋላ በሜዳ ይውል ነበር። በስተእርጅናው ስለ ሕይወቱ ያሳተመው መጽሐፍ ርእስ ወደ አማርኛ ሲመለስ «እማዬ፣ ገንዘቡ ይኸው» እንደ ማለት ነው። የአፍሪካን ዋንጫ ያነሣ ሰው ለመጽሐፉ ርእስ የመረጠው ዋንጫውን አልነበረም፤ ለእናቱ ያስረከበውን ገንዘብ ነው። ወጣቶች ሆይ፣ ይህን ርእስ በልባችሁ ያዙልኝ።

ሉቻኖ በአስመራ ከአንድ ቡድን ወደ ሌላ ቡድን እየተዘዋወረ ተጫወተ። በኋላም ወደ ድሬዳዋ ሄዶ ለጥጥ ፋብሪካው ቡድን ተሰለፈ። ይህ ቡድን በዚያ ዘመን የኢትዮጵያን ሻምፒዮና ደጋግሞ የወሰደ ነው። ስሙን ልብ ብላችሁ ታውቁ እንደሆነ «ጥጥ ፋብሪካ» ነው። የዚያ ዘመን ኳስ ተጫዋች ብዙውን ጊዜ የፋብሪካ፣ የባቡር ወይም የጦር ሠራዊት ሰው ነበር። ኳሱ ከእንጀራው ጋር አብሮ ይሄድ እንጂ እንጀራውን አይተካም ነበር።

ከዚያ ጥር 13 ቀን 1954 ዓ.ም. መጣ። ዕለቱ እሑድ ነበር። ሦስተኛው የአፍሪካ ዋንጫ በአዲስ አበባ ተዘጋጅቶ፣ ኢትዮጵያ ቱኒዚያን 4 ለ 2 አሸንፋ ለፍጻሜ ደረሰች። የገጠማት በዚያ ጊዜ የተባበረችው ዐረብ ሪፐብሊክ ትባል የነበረችው ግብፅ ናት። ግብፅ ያለፉትን ሁለት ዋንጫዎች የወሰደች ናት። አሰልጣኙ አቶ ይድነቃቸው ተሰማ ነበሩ፤ እሳቸውም ቀድሞ ተጫዋች ኋላ አሰልጣኝ የሆኑ፣ ከጊዜ በኋላም የአፍሪካ እግር ኳስ ኮንፌዴሬሽን ፕሬዚዳንት ለመሆን የበቁ ሰው ናቸው። የቡድኑ አምበል ደግሞ በልጅነቱ ከሁለት ወገን ሲገፋ የኖረው ሉቻኖ ነበር።

ግብፅ ቀድማ አገባች። ሁለተኛው አጋማሽ ሊያልቅ ሩብ ሰዓት ያህል ሲቀረው ግርማ ተክሌ አቻ አደረገ። ወዲያው ግብፅ ሁለተኛ አገባች። ጨዋታው ሊያበቃ ጥቂት ደቂቃዎች ሲቀሩ ሉቻኖ ራሱ አገባና 2 ለ 2 ሆነ። በጭማሪው ሰዓት ኢታሎ ሦስተኛውን፣ መንግሥቱ ወርቁ አራተኛውን አገቡ። ኢትዮጵያ 4 ለ 2 አሸንፋ የአፍሪካ ሻምፒዮን ሆነች። ሉቻኖ ዋንጫውን ከአፄ ኃይለ ሥላሴ እጅ ተቀበለ።

ስለዚያ ቡድን ለእኛ ጀመዓ አንድ ነገር ልጨምር። በፍጻሜው ጨዋታ ከተሰለፉት 11 ተጫዋቾች አንዱ ዐዋድ ሙሐመድ ይባላል። ከጎኑ እነ ክፍሎም አርአያ፣ እነ አስመላሽ በርሄ፣ እነ ጌታቸው ወልዴ ነበሩ። ሙስሊሙና ክርስቲያኑ፣ ክልሱና ያልተከለሰው በአንድ ማልያ ላብ አፈሰሱ። እንደኛ በቁጥር ጥቂት ሆኖ በብዙኃኑ መካከል ለሚኖር ማኅበረሰብ ይህ ትንሽ ትምህርት አይደለም። ልጅህ ከጎረቤቱ ልጅ ጋር በአንድ ሜዳ ኳስ ሲቀባበል፣ ነገ በገበያም በእድርም የሚተማመንበትን ወዳጅ እያፈራ ነው።

ወገኖቼ፣ ብዙ ሰው የሉቻኖን ታሪክ የሚያቆመው እዚያ ዋንጫ ላይ ነው። እኔ ግን የምፈልገው ትምህርት ከዚያ በኋላ ያለው ነው።

ሉቻኖ ጫማውን ሰቅሎ አሰልጣኝ ሆነ፤ ብሔራዊ ቡድኑንም አሰለጠነ። ከዚያም አብዮቱ መጣ። እነዚያን ዓመታት በዕድሜ የገፋችሁት አባቶች ከእኔ የበለጠ ታውቋቸዋላችሁ። እ.ኤ.አ. በ1978 ሉቻኖ ያፈራውን ንብረት ሁሉ ትቶ በጅቡቲ በኩል ከአገር ሸሸ። ኢጣሊያ ሲደርስ ዕድሜው ከ40 አልፏል። ዋንጫው አብሮት አልነበረም፤ ቢኖርም በዋንጫ ዳቦ አይገዛም። በእጁ የቀረው አንድ ነገር ብቻ ነበር፤ እሱም በልጅነቱ በአስመራ የተማረው ሙያ። ሮም አጠገብ በባሕር ዳር ባለችው በኦስቲያ መኪና መጠገኛ ጋራዥ ከፍቶ ኑሮውን ከእንደገና ጀመረ።

እንደገና በእግሩ ሲቆምስ ምን አደረገ? የሰፈሩን ታዳጊዎች ሰብስቦ ኳስ ማስተማር ጀመረ። የአፍሪካን ዋንጫ ያነሣ አምበል፣ ስሙን በማያውቁ የባዕድ አገር ሕፃናት መካከል ቆሞ ኳስ እንዴት እንደሚቆም፣ እንዴት እንደሚቀበሉ ያሳይ ነበር። በመስከረም 2015 ዓ.ም. በ87 ዓመቱ በዚያው በኢጣሊያ አረፈ።

እንግዲህ ሒሳቡን አብረን እናስላ። ይህ ሰው 87 ዓመት ኖረ። በከፍተኛ ደረጃ ኳስ የተጫወተው ቢበዛ 20 ዓመት ነው። የዋንጫው ቀን አንድ ቀን ነው። ሙያው ግን ከወጣትነቱ እስከ እርጅናው አልከዳውም። ያሳለፈው እውቀትም እሱ ካለፈ በኋላ በሌሎች እግር ላይ ይሮጣል። ኳስ ለልጅህ ሊሰጠው የሚችለው ይህን ያህል ነው፤ ጥቂት ዓመት፣ ምናልባት አንድ ቀን። ቀሪውን ዕድሜ የሚሸፍንለት ሌላ ነገር ያስፈልገዋል።

ይህ ለእኛ አዲስ ነገር ሊሆን አይገባም። አባቶቻችን በዚህ አገር በሽመናና በንግድ የኖሩት ለምን ነበር? መሬት ስላልነበራቸው ነው። በየካቲት 1967 ዓ.ም. የገጠር መሬት እስከ ታወጀበት ጊዜ ድረስ በብዙው የሐበሻ ደጋ ሙስሊሙ ርስት ተነፍጎ ኖሯል። መሬት የሌለው ሰው እጁን መሬት አደረገ። በሙያው ተሰደበ፤ በሙያው ግን ልጅ አሳደገ፣ መስጊድ ሠራ። የእጅ ሙያን ክብር ለእኛ ልጆች ሌላ ሰው ሊያስተምራቸው አይገባም ነበር።

ከቅርቡ ዘመን ደግሞ ልጆቻችን በሚያውቁት ሰው ላስረዳ። ሳላዲን ሰይድን የማያውቅ ወጣት እዚህ የለም። ከቅዱስ ጊዮርጊስ ተነሥቶ በግብፅ፣ በቤልጂየምና በአልጄሪያ ክለቦች የተጫወተ ነው። በጥቅምት 2005 ዓ.ም. ኢትዮጵያ በአዲስ አበባ ሱዳንን 2 ለ 0 ስታሸንፍ አዳነ ግርማና እሱ አገቡ፤ አገራችንም ከ31 ዓመት በኋላ ወደ አፍሪካ ዋንጫ ተመለሰች። ከሦስት ወር በኋላ በደቡብ አፍሪካ ከዛምቢያ ጋር በተደረገው የመጀመሪያ ጨዋታ ግን፣ ያው ሳላዲን የመታውን ፍጹም ቅጣት ምት በረኛው አዳነበት። በረኛችን ጀማል ጣሰውም በቀይ ካርድ ወጣ። አገር ሁሉ ራሱን ያዘ። በ10 ሰው የቀረው ቡድን ግን ተስፋ አልቆረጠም፤ አዳነ ግርማ አገባና 1 ለ 1 ወጡ። ቀኑም ጥር 13 ቀን 2005 ዓ.ም. ነበር፤ እነ ሉቻኖ ዋንጫውን ካነሡ ልክ በ51ኛ ዓመቱ።

ይህን ያነሣሁት በአንድ ምክንያት ነው። በዚያ ደረጃ የደረሰ፣ በአራት አገር የተጫወተ ሰው እንኳ ኳሷ አንዳንድ ቀን እምቢ ትለዋለች። ታዲያ በሬውን የሸጠው ወንድማችን ልጁ እንደማይስት፣ እንደማይወድቅ፣ እንደማይጎዳ በምን ተማምኖ ነበር? ደግሞም በዚያ ቀን ሳላዲን የሳተውን ያካካሰለት ጓደኛው ነው። ኳስ ይህንንም ታስተምራለች።

እንግዲህ ለጀመዓችን የማቀርበው ሐሳብ ይህ ነው።

አንደኛ፣ ወላጆች ልጁን ከሜዳ አታባርሩት፤ ሰዓቱን ግን ያዙበት። ከዐስር ሶላት በኋላ ይጫወት። የመግሪብ አዛን ሳይሰማ ኳሱን ይዞ ይመለስ፤ ዉዱእ አድርጎ ሰፍ ይግባ። ልጁ ሰዓት ማክበርን ከመስጊድም ከሜዳም ከተማረ፣ በትምህርት ቤትና በሥራ ቦታ የሚያስቸግር አይሆንም። በረመዳን ደግሞ ሰውነቱ በሚችለው ልክ ይሁን፤ የሚጾም ልጅ በጠራራ ፀሐይ ይሩጥ አንልም።

ሁለተኛ፣ ኳስ የሚጫወት ልጅ ሁሉ ከትምህርቱ ጎን አንድ ሙያ ይያዝ። የልብስ ስፌት፣ የብረት ሥራ፣ የመኪና ጥገና፣ የእንጨት ሥራ ወይም የበርበሬ ንግድ ሊሆን ይችላል። በመካከላችን ጋራዥና ሱቅ ያላችሁ ወንድሞች፣ በክረምት ሁለት ሁለት ልጅ ተቀብላችሁ ብታለማምዱ መስጊዱን ከገነባችሁበት ጡብ የማያንስ ሥራ ነው።

ሦስተኛ፣ «ዕድሜህን ቀንስ»፣ «ይህን ያህል ብር አምጣ፣ ክለብ አስገባሃለሁ» የሚል ሰው ሲመጣ በሩን ዝጉበት። ዕድሜ መቀነስ ውሸት ነው፤ ውሸት የተጀመረበት ሲሳይ በረካ የለውም። እውነተኛ ተሰጥኦ ያለው ልጅ ካለ፣ ወላጁ ብቻውን ከደላላ ጋር ከመዋዋሉ በፊት ጉዳዩን ለጀመዓው ሽማግሌዎችና ለትምህርት ቤቱ የስፖርት መምህር ያማክር።

አራተኛውና ዋናው፣ በመካከላችን ኳስ ተጫውታችሁ ያለፋችሁ ወንድሞች ነው። በወረዳ ደረጃ፣ በዞን ደረጃ፣ በመሥሪያ ቤት ቡድን የተጫወታችሁ ብዙ ናችሁ። ዋንጫ አላነሣችሁም፤ ስማችሁ በሬዲዮ አልተጠራም። ከእናንተ የሚጠየቀው ግን እሱ አይደለም። ሉቻኖ ዋንጫውን ትቶ ከሕፃናቱ መካከል ከቆመ፣ እናንተ ለመቆም የምታፍሩበት ምክንያት የለም። በ2015 መጨረሻ በክልላችን የተነሣው ግጭት ስንት ትምህርት ቤት እንደዘጋ፣ ስንት ልጅ ሥራ ፈት እንዳደረገ ታውቃላችሁ። ሥራ የፈታ ልጅ ማን እንደሚጠራው አይታወቅም። በሳምንት ሁለት ቀን፣ ከዐስር እስከ መግሪብ፣ አንድ ኳስና አንድ ታላቅ ወንድም ካገኘ ግን የት እንዳለ እናውቃለን።

ከመጨረሴ በፊት ጉልበቱን ተጎድቶ ወደ ተመለሰው ልጅ ልመለስ። ስሙን አልጠራም፤ እሱ ራሱ ግን እንድናገር ፈቅዶልኛል። ሲመለስ ለወራት ከቤት አልወጣም ነበር። መስጊድ እንኳ የሚመጣው ጨለማን ጠብቆ ነው። አንድ ቀን ከጀመዓችን አንድ ሽማግሌ ጠርተው፣ «ልጄ፣ መሮጥ ባትችል መናገር ትችላለህ፤ ና፣ ለትንንሾቹ ንገራቸው» አሉት። አሁን ጠዋት ጠዋት ልብስ ስፌት ይለማመዳል፤ ከሰዓት በኋላ ደግሞ እያነከሰ ወደ ሜዳ ይሄዳል። ከሚያስተምራቸው ሕፃናት መካከል አንዱ፣ በመጀመሪያ የነገርኋችሁ፣ አባቱ ኳሱን በቢላዋ የቀደደበት ልጅ ነው። አባትየውም ባለፈው ሰሞን ከሜዳው ዳር ቆሞ ሲመለከት አይቼዋለሁ። ምንም አልተናገረም። አዛን ሲሰማ ግን የልጁን እጅ ይዞ አብረው ወደ መስጊድ ገቡ።

አላህ (ሱ.ወ.) ልጆቻችንን በዲናቸው የጸኑ፣ በሙያቸው የሚኖሩ፣ ለታናናሾቻቸው የሚተርፉ ያድርግልን። ለአገራችንም ሰላሙን ያውርድልን። አሚን።

ወቢላሂ ተውፊቅ። ወሰላሙ ዐለይኩም ወረሕመቱላሂ ወበረካቱህ።